ስለ ዓለም ሀገራት የጥያቄና መልስ ውድድር እንዴት ይዘጋጃል? ከጥያቄ አጻጻፍ እስከ ዳኝነት

«ከአፍሪካ ሀገራት መጀመሪያ ከቅኝ ግዛት ነጻ የወጣችው ማን ናት?»

ይህን ጥያቄ የጻፍኩት እኔ ነኝ። መድረክ ላይ ያነበብኩትም የዳኘሁትም እኔው ነኝ። ወረቀቴ ላይ ያለው መልስ ጋና ይላል። አንድ ተወዳዳሪ ተነስቶ «ሱዳን» አለ። ስህተት ነው ብዬ ነጥቡን ከለከልኩት፤ ቡድኑም በዚያች አንድ ነጥብ ተሸንፎ ወጣ። ማታ ቁጭ ብዬ ሳጣራ ጋና ነጻ የወጣችው ማርች 6 ቀን 1957 ነው፣ ሱዳን ደግሞ ጃንዋሪ 1 ቀን 1956። ሞሮኮና ቱኒዚያም በዚያው በ1956 ነጻ ወጥተዋል። ሊቢያ ከነሱም ቀድማ በ1951 መጨረሻ ላይ። ግብፅን ካነሳን ደግሞ ብሪታኒያ «ነጻ ናት» ብላ ያወጀችው በ1922 ነው። ብዙ ቦታ ጋና የምትጠቀሰው «ከሰሃራ በታች» ከምትል ቃል ጋር ነው፤ እኔ ያቺን ቃል አልጻፍኳትም፣ ብጽፋትም ኖሮ ሱዳን ከሰሃራ በታች ናት ወይስ አይደለችም የሚል ሌላ ክርክር ይጠብቀኝ ነበር።

ልጁ ከእኔ የተሻለ ያውቅ ነበር። ጥያቄዬ ግን እውቀቱን በመለካት ፈንታ ቀጣው። እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

ከዚያ ወዲህ አዘገጃጀቴን ከሥሩ ቀየርኩ። ለጓደኞቻችሁ፣ ለተማሪዎቻችሁ፣ ለክበባችሁ ወይም ራሳችሁን ለመፈተን ስለ ሀገራት፣ ስለ ታሪካቸውና ስለ ፖለቲካቸው ጥያቄ የምታዘጋጁ ከሆነ የምሠራበትን መንገድ እንዳለ ላስቀምጥላችሁ። ዓመታቱ በሙሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።

ደረጃ 1፦ ማንን እንደምትፈትኑ ወስኑ

ይሄ አምስት ደቂቃ ቢወስድ ነው፣ ግን አትዝለሉት። የሚመልሱት ሰዎች ዜና የሚከታተሉ ናቸው? ተማሪዎች ናቸው? የተደባለቁ ናቸው? ለጀማሪ ከባድ ጥያቄ ብትደረድሩ ሁሉም ዜሮ ያመጣል፣ ለአዋቂ ቀላል ብትደረድሩ ሁሉም ሙሉ ያመጣል፤ በሁለቱም በኩል ማን ምን እንደሚያውቅ ሳታውቁ ትበተናላችሁ። እኔ ለ30 ጥያቄ 10 ቀላል፣ 14 መካከለኛ፣ 6 ከባድ አድርጌ ነው የምጀምረው። በተጨማሪ 5 መጠባበቂያ እይዛለሁ። መጠባበቂያው ለምን እንደሚጠቅም በኋላ ታያላችሁ።

ደረጃ 2፦ ጥያቄውን ከመልሱ ጀምራችሁ ጻፉ

አብዛኛው ሰው ጥያቄውን መጀመሪያ ያስብና መልስ ይፈልግለታል። ገልብጡት። መጀመሪያ መልሱን ምረጡ፣ ከዚያ ስለ መልሱ የምታውቁትን ሁሉ ወረቀት ላይ አፍስሱ፣ ከዚያ ከውስጡ ጥያቄ አውጡ።

ለምሳሌ መልሴ ብራዚል ነው እንበል። ዋና ከተማዋ ከሪዮ ዴ ጄኔሮ ወደ ብራዚሊያ የተዛወረው ኤፕሪል 21 ቀን 1960 ነው። ከተማዋን ያስገነባው ፕሬዚዳንት ጁሴሊኖ ኩቢቼክ ነው፣ ፕላኗን ያወጣው ሉሲዮ ኮስታ፣ ዋና ዋና ሕንጻዎቿን የነደፈው ኦስካር ኒማየር። አሁን «የብራዚል ዋና ከተማ ማን ናት?» ብላችሁ ብትጠይቁ የምትለኩት ሽምደዳን ብቻ ነው። እንዲህ ብትሉስ፦ «በ1960ዎቹ የሀገሩ መንግሥት ከባሕር ዳርቻ ከተማ ተነስቶ ለዚሁ ተብሎ ወደ ተገነባ አዲስ ዋና ከተማ ገባ። ሀገሪቱ ማን ናት?» ይሄ የሸመደደውንም ያሰበውንም ያስተናግዳል። የማያውቀው ሰው እንኳ ካርታውን በጭንቅላቱ እያዞረ የሚይዘው ነገር አለው።

ግን ይሄኛውም አላለቀም። ፓኪስታንም በዚያው ዘመን ከባሕር ዳርቻዋ ከካራቺ ተነስታ አዲስ ወደ ገነባችው ኢስላማባድ ሄዳለች። ስለዚህ «የደቡብ አሜሪካ ሀገር» የሚል ይጨመርበታል። ተዘጋ። ይህን ቀዳዳ ከውድድሩ በፊት ማግኘት ነው ዋናው ሥራ፣ ወደ እሱ እንሂድ።

ደረጃ 3፦ ከራሳችሁ ጋር ተከራከሩ

እያንዳንዱን ጥያቄ ከጻፋችሁ በኋላ የተሸነፈ ተወዳዳሪ ሁኑ። ነጥብ ቀርቶበት የተናደደ ሰው ምን ብሎ ይሟገታል? ሌላ የሚያሳምን መልስ ካገኛችሁ ጥያቄው ገና ነው። በልምድ ያየኋቸው፣ ደጋግመው የሚያጣሉ ቃላት አሉ።

«ስንት» የምትለዋ አንዷ ናት። «በዓለም ላይ ስንት ሀገራት አሉ?» የሚለውን ብዙ ቦታ ሰምታችሁታል። አንዱ 193 ይላል፣ ሌላው 195፣ ሌላው ከዚያ በላይ። ሁሉም የሚቆጥሩበት ምክንያት አላቸው። 193 የተባበሩት መንግሥታት ድርጅት አባላት ቁጥር ነው። ቫቲካንና ፍልስጤም በታዛቢ ሀገርነት ሲጨመሩ 195 ይሆናል። ዕውቅናቸው አከራካሪ የሆኑትን የሚቆጥርም አለ። ጥያቄውን «የተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ስንት አባል ሀገራት አሉት?» ብትሉት በቃ፣ ክርክር የለም። ከፍ ማድረግ ከፈለጋችሁ ደግሞ «193ኛዋ አባል ማን ናት?» በሉ። ደቡብ ሱዳን ናት፤ ጁላይ 9 ቀን 2011 ነጻ ወጥታ በአምስተኛው ቀን ጁላይ 14 አባል ሆነች።

«የመጀመሪያ» ከሁሉም ትብሳለች። የእኔም ውድቀት በእሷ ነበር። «የመጀመሪያዋ ሴት የሀገር መሪ» ስትሉ ሲሪማቮ ባንዳራናይኬን ማለታችሁ ነው? እሷ በ1960 ሲሎን (የዛሬዋ ስሪላንካ) ውስጥ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆና በዓለም የመጀመሪያዋ ናት። ወይስ በ1974 ባሏ ሲሞት ከምክትልነት ወደ አርጀንቲና ፕሬዚዳንትነት የወጣችውን ኢዛቤል ፔሮንን? ወይስ በ1980 በሕዝብ ድምፅ ተመርጣ የአይስላንድ ፕሬዚዳንት የሆነችውን ቪግዲስ ፊንቦጋዶቲርን? ንግሥቶችን ከቆጠርን ደግሞ ወደ ኋላ ሺህ ዓመታት እንሄዳለን። ሥልጣኑን በስሙ ጥሩት፦ «የመጀመሪያዋ ሴት ጠቅላይ ሚኒስትር»።

«ትልቁ» እና «ረጅሙ» በምን? በቆዳ ስፋት ሩሲያ ናት፣ ወደ 17.1 ሚሊዮን ስኩዌር ኪሎ ሜትር። በሕዝብ ብዛት ሕንድ። ረጅሙ ወንዝ የሚለውን እኔ ጭራሽ ትቼዋለሁ፤ ዓባይ ነው አማዞን የሚለው ሙግት መነሻቸው የት ነው ተብሎ በሚለካበት ቦታ ላይ የተንጠለጠለ ስለሆነ ለአንድ ነጥብ ብሎ ሰው ማጣላት አይገባም። «ብዙ የሰዓት ክልል ያላት ሀገር» የሚለውም ወጥመድ ነው። ሁሉም ሩሲያ ይላል፣ 11 አላት። ፈረንሳይ ግን ባሕር ማዶ ያሉ ግዛቶቿ ሲቆጠሩ 12 ትደርሳለች። ጥሩ ጥያቄ ነው፣ «ባሕር ማዶ ያሉ ግዛቶች ተቆጥረው» የሚለውን ከጨመራችሁበት።

ዋና ከተማ ላይ ደግሞ ሁለትና ሦስት መልስ ያላቸው ሀገራት አሉ። ደቡብ አፍሪካ ሥልጣኗን ለሦስት ከተሞች አካፍላለች፦ ፕሪቶሪያ፣ ኬፕታውን፣ ብሉምፎንቴን። የቦሊቪያ ሕገ መንግሥታዊ ዋና ከተማ ሱክሬ ናት፣ መንግሥቱ የሚቀመጠው ግን ላፓዝ ነው። የኔዘርላንድስ ዋና ከተማ አምስተርዳም፣ የመንግሥቱ መቀመጫ ዘ ሄግ። እነዚህን አትሽሹ። «የቦሊቪያ መንግሥት መቀመጫ የሆነችው ከተማ ማን ናት?» ብላችሁ ለይታችሁ ጠይቁ።

ስማቸው የሚያሳስትም አለ። ኢኳቶሪያል ጊኒ ስሟ በምድር ወገብ ተሰይሟል፣ ምድር ወገብ ግን መሬቷን አይነካም። በዋናው መሬቷና አኖቦን በምትባለው ደሴቷ መካከል፣ በባሕር ላይ ያልፋል። መሬታቸውን የሚያቋርጠው ጎረቤቶቿን ጋቦንንና ሳኦ ቶሜና ፕሪንሲፔን ነው። እንዲህ ያለውን ጥያቄ በጣም ነው የምወደው፣ ሰው ካርታ እንዲያወጣ ያደርጋልና።

ደረጃ 4፦ መልሱ መቼ ያረጃል?

የሀገራት ጥያቄ እንደ ሒሳብ አይደለም። ትናንት ልክ የነበረው ዛሬ ስህተት ይሆናል። የካዛክስታንን ዋና ከተማ ውሰዱ። በ1997 ከአልማቲ ተዛወረ፣ በ1998 አስታና ተባለ፣ በ2019 ኑርሱልታን ተባለ፣ በ2022 ተመልሶ አስታና ሆነ። በ2020 የተጻፈ የጥያቄ ወረቀት አውጥታችሁ ብትጠቀሙ ትክክለኛውን ሰው ትቀጣላችሁ። ስዋዚላንድ በ2018 ኢስዋቲኒ ሆናለች። መቄዶንያ በ2019 ሰሜን መቄዶንያ። የአውሮፓ ኅብረት ብሪታኒያ በጃንዋሪ 31 ቀን 2020 ስትወጣ 27 አባል ቀረው። ኔቶ ፊንላንድ በ2023፣ ስዊድን በማርች 2024 ሲገቡ 32 ደረሰ። በሕዝብ ብዛት ሕንድ ቻይናን ያለፈችው በ2023 ነው፤ ከዚያ በፊት በታተመ መጽሐፍ ሁሉ ቻይና አንደኛ ናት።

ስለዚህ ጥያቄዎቻችሁን የምታስቀምጡበት ሰንጠረዥ ላይ አራት ዓምድ አድርጉ፦ ጥያቄው፣ መልሱ፣ ሌላ ተቀባይነት ያለው መልስ፣ የተጣራበት ቀን። አራተኛዋን ዓምድ ባዶ አትተዉ። በሥልጣን ላይ ስላለ ሰው የሚጠይቅ ነገር ካለ ውድድሩ ጠዋት ላይ ድጋሚ አጣሩት። ወይም ከነጭራሹ ዓመት ጨምሩበትና እንዳያረጅ አድርጉት፦ «በ1994 የደቡብ አፍሪካ ፕሬዚዳንት የሆነው ማን ነው?» መቼም አይለወጥም።

ስታጣሩ ደግሞ ሁለት ምንጭ እዩ፣ ሁለቱ አንዱ ካንዱ ያልቀዳ ይሁን። ኢንተርኔት ላይ አንድ ስህተት ሃያ ቦታ ተገልብጦ ታገኙታላችሁ፤ ሃያ ቦታ መኖሩ እውነት አያደርገውም።

ደረጃ 5፦ ፍንጩን ከከባድ ወደ ቀላል አውርዱት

ይሄኛው ለእኔ ትልቁ ግኝት ነው። አንድ ጥያቄ በአራት ፍንጭ ትከፍሉታላችሁ፣ መጀመሪያ የሚመጣው አዋቂ ብቻ የሚያውቀው ነው፣ የመጨረሻው ብዙ ሰው የሚያውቀው። በመጀመሪያው ፍንጭ የመለሰ 4 ነጥብ፣ በሁለተኛው 3፣ እያለ ይወርዳል። ምሳሌው ይኸው፦

ለ4 ነጥብ፦ ይህች ሀገር ነጻነቷን ካወጀች ከ21 ዓመት በኋላ፣ የቀድሞ ገዢዋ ዕውቅና እንዲሰጣት 150 ሚሊዮን ፍራንክ ካሳ እንድትከፍል ጠየቃት።

ለ3 ነጥብ፦ የአብዮቷ ታላቅ መሪ በ1803 ፈረንሳይ ውስጥ እስር ቤት ሞተ፤ ነጻነቷን ሳያይ።

ለ2 ነጥብ፦ በባርነት ተይዘው የነበሩ ሰዎች አምፀው፣ የናፖሊዮንን ጦር አሸንፈው በጃንዋሪ 1 ቀን 1804 ነጻ ሀገር ያወጁባት ናት።

ለ1 ነጥብ፦ ከዶሚኒካን ሪፐብሊክ ጋር አንድ ደሴት ትጋራለች።

መልሱ ሃይቲ ነው፣ መሪውም ቱሳን ሉቨርቱር። ይህ አካሄድ ሦስት ነገር ይሠራል። በጥልቀት የሚያውቀውን ከላይ ላይ ከሚያውቀው ይለያል። ማንም ባዶ እጁን አይወጣም። ከሁሉ በላይ ደግሞ፣ ያላወቀውም ሰው አራቱን ፍንጮች ሰምቶ ሲጨርስ የአንዲትን ሀገር ታሪክ ይዞ ይሄዳል። ነጻነትን በደም ከፍለው ካገኙ በኋላ በገንዘብም እንዲከፍሉ የተገደዱ ሕዝቦች እንዳሉ በዚህች ጥያቄ የሰማ ሰው፣ ሃይቲ ዛሬ ለምን ድሃ ሆነች የሚለውን በሌላ ዓይን ያየዋል። ፍንጮቹን ስትጽፉ የመጀመሪያው ፍንጭ ብቻውን ወደ አንድ መልስ የሚወስድ መሆኑን አረጋግጡ። ለሦስት ሀገር የሚሆን ፍንጭ ከሆነ ግምት ነው የምታበረታቱት።

ደረጃ 6፦ ምርጫ ካለው፣ የተሳሳቱት ምርጫዎች ይታሰብባቸው

የአውስትራሊያ ዋና ከተማ፦ ሀ) ሲድኒ ለ) ካንቤራ ሐ) ሜልቦርን መ) ፓሪስ። ፓሪስ ምን ትሠራለች እዚህ? አንድ ምርጫ አባከናችሁ። የተሳሳተ ምርጫ ማለት ሰው በእውነት የሚሳሳትበት ነው። ሲድኒ ትልቋ ከተማ ስለሆነች ታሳስታለች። ሜልቦርን ደግሞ ከ1901 እስከ 1927 የመንግሥቱ መቀመጫ ስለነበረች ታሳስታለች። ካንቤራ የተመሠረተችው ሁለቱ ከተሞች ስለተፎካከሩ በመሀላቸው ሌላ ከተማ ይሁን ተብሎ ነው። አራተኛዋን ፐርዝ አድርጓት።

ሌላም ልብ በሉ። ጥያቄ አዘጋጆች ሳናውቀው ትክክለኛውን መልስ ረዘም አድርገን እንጽፋለን፣ ወይ ሁልጊዜ «ሐ» ላይ እናስቀምጣለን። ጎበዝ ገማች ይህን ይይዘዋል። አራቱን ምርጫዎች በርዝመት አቀራርቡ፣ ቦታውን በዕጣ ወስኑ።

ቁጥር የሚጠይቅ ከሆነ ምን ያህል ልዩነት እንደሚፈቀድ አስቀድማችሁ ተናገሩ። «የመቶ ዓመት ጦርነት ስንት ዓመት ፈጀ?» ከ1337 እስከ 1453፣ 116 ዓመት ነው። «በ5 ዓመት ከፍ ዝቅ ቢል እንቀበላለን» ካላችሁ በኋላ ማንም አይጨቃጨቅም።

ደረጃ 7፦ ፖለቲካ ላይ ቃላችሁን መዝኑ

«የጀርመን መሪ ማን ነው?» የሚል ጥያቄ አይጻፍም። ርዕሰ ብሔሩ ፕሬዚዳንቱ ነው፣ መንግሥቱን የሚመራው መራሄ መንግሥቱ ነው። ሕንድም ፕሬዚዳንትና ጠቅላይ ሚኒስትር አላት። የካናዳ ርዕሰ ብሔር የብሪታኒያው ንጉሥ ቻርልስ ሦስተኛ ነው፣ ይህን የማያውቅ ብዙ ሰው ስለሆነ ጥሩ ጥያቄ ይወጣዋል። ስዊዘርላንድ በሰባት ሰዎች ምክር ቤት ነው የምትመራው፣ ፕሬዚዳንትነቱ በየዓመቱ ከአንዱ ወደ ሌላው ይዞራል። ሳን ማሪኖ በአንድ ጊዜ ሁለት ርዕሰ ብሔሮች አሏት፣ ሥልጣናቸውም ስድስት ወር ብቻ ነው። የአንዶራ ሁለት ልዑላን የፈረንሳይ ፕሬዚዳንትና አንድ የስፔን ጳጳስ ናቸው። እንዲህ ያለው አሠራር ላይ ስትጠይቁ ሰው የሥልጣን አወቃቀርን ያስባል፤ የማንን ፖለቲካ ትደግፋለህ ወደሚል ነገር አይገባም።

ዕውቅናቸው የሚያከራክር ግዛቶችን «ሀገር ናት ወይስ አይደለችም?» ብላችሁ አትጠይቁ። የሆነውን ጠይቁ። ኮሶቮ በፌብሩዋሪ 17 ቀን 2008 ነጻነቷን አውጃለች፤ ይህን ማወጇን የሚደግፋትም የሚቃወማትም ያምናል። ቻይናን በተመለከተም «በተባበሩት መንግሥታት የቻይናን ወንበር በ1971 የተረከበው የትኛው መንግሥት ነው?» ብሎ መጠየቅ ይቻላል። ቤጂንግ ያለው የቻይና ሕዝባዊ ሪፐብሊክ ነው፤ ከዚያ በፊት ወንበሩ ታይዋን ባለው መንግሥት እጅ ነበር።

የሰው እልቂት ያለበት ታሪክ ላይ ደግሞ አደራ። በ1994 በሩዋንዳ ስንት ሰው ተገደለ ብሎ ለነጥብ ማሯሯጥ እኔ አልፈልግም፣ አዳራሹ ውስጥ ማን ምን እንዳጣ አናውቅም። ታሪኩን ግን መተው የለብንም። «የሩዋንዳ ዘር ማጥፋት ተጠርጣሪዎችን የዳኘው ዓለም አቀፍ ፍርድ ቤት መቀመጫው የት ከተማ ነበር?» ብዬ እጠይቃለሁ። አሩሻ፣ ታንዛኒያ።

ደረጃ 8፦ ካርታ ላይ ነጥብ አድርጉ

ጥያቄዎቹን ስትጨርሱ የዓለም ካርታ አውጡና ለእያንዳንዱ ጥያቄ በሀገሩ ላይ ነጥብ አድርጉ። ብዙ ጊዜ አውሮፓና አሜሪካ በነጥብ ይሞላሉ፣ የፓሲፊክ ደሴቶች፣ መካከለኛው እስያና ደቡብ አሜሪካ ባዶ ይቀራሉ። ባዶ የቀረውን ሙሉ። ይኸው ነው።

ደረጃ 9፦ ለማይወዳደር ሰው አንብቡለት

ሁለት ሰው ይበቃል። ጮክ ብላችሁ አንብቡ፣ ምክንያቱም ወረቀት ላይ ግልጽ የነበረው ጆሮ ላይ ይደባለቃል። ኦስትሪያና አውስትራሊያ፣ ኒጀርና ናይጄሪያ፣ ስሎቫኪያና ስሎቬኒያ፣ ዶሚኒካና ዶሚኒካን ሪፐብሊክ። ሁለቱ ኮንጎዎችም አሉ፤ ዋና ከተሞቻቸው ኪንሻሳና ብራዛቪል በአንድ ወንዝ ግራና ቀኝ ተፋጥጠው የተቀመጡ ናቸው። «ኮንጎ» ብቻ ብሎ ማንበብ አይቻልም።

ሰሚው «እንዴት?» ብሎ ድጋሚ ካስነበባችሁ ጥያቄው ረዝሟል። ቁረጡት።

ደረጃ 10፦ በዕለቱ

ጥያቄውን ሁለቴ አንብቡ፣ ከዚያ ሰዓት ያዙ። 30 ሰከንድ ጥሩ ነው። መልሱ በወረቀት ቢሆን ይመረጣል፤ በጩኸት ሲሆን ፈጣን እንጂ አዋቂ አያሸንፍም፣ ዓይን አፋሩም ይደበቃል።

የስም አጻጻፍ ላይ አታስጨንቁ። አይቮሪ ኮስትም ኮትዲቯርም ያው ናት፣ ሆላንድ ያለም ኔዘርላንድስ ያለም፣ በርማ ያለም ምያንማር ያለም ሀገሩን ያውቃል። ድሮ ስም ላይ ጥያቄ ካለ ግን አስቀድማችሁ ወስኑ፦ «ዛሬ በምትጠራበት ስም» ካላችሁ የላይኛው ቮልታ አይሆንም፣ ቡርኪና ፋሶ ነው፣ ስሙ የተቀየረው በ1984።

ክርክር ሲነሳ (ይነሳል) አንድ ዳኛ ብቻ ይወስን። ተከራካሪው ምክንያቱን በአንድ ዓረፍተ ነገር ይናገር። ዳኛው እዚያው ማጣራት ከቻለ ያጣራ። ሁለት መልስ ልክ ከሆነ ሁለቱም ነጥብ ያግኙ። ጥያቄው ራሱ የተበላሸ ከሆነ ሰርዙትና ከአምስቱ መጠባበቂያ አንዱን አውጡ። እኔ ያኔ መጠባበቂያ ስላልነበረኝ ነው አጉል የቆረጥኩት።

ደረጃ 11፦ ከውድድሩ በኋላ ወረቀቱን አትጣሉ

ለእያንዳንዱ ጥያቄ ስንት ሰው እንደመለሰ ጻፉ። ሁሉም የመለሰውን ወደ ቀላል አውርዱት፣ ማንም ያልመለሰውን ድጋሚ አንብቡት፤ ብዙ ጊዜ ጥፋቱ የአነጋገር ነው። የተሳሳቱ መልሶችንም ሰብስቡ። ለቀጣዩ የምርጫ ጥያቄ ከዚህ የተሻለ የተሳሳተ ምርጫ አታገኙም።

ራሳችሁን የምትፈትኑ ከሆነ የሳታችሁትን በትንንሽ ካርድ ላይ ጻፉ፣ ፊት ለፊት ጥያቄ ጀርባው ላይ መልስ። በማግስቱ፣ በሦስተኛው ቀን፣ በሳምንቱ፣ በወሩ ተመልሳችሁ እዩት። መልሱን ከማየታችሁ በፊት ጮክ ብላችሁ ተናገሩ፣ እያዩ «አዎ አውቀዋለሁ» ማለት አይቆጠርም።

ለሙከራ አንድ ዙር ላዘጋጅላችሁ። መልሶቹ ከታች ናቸው፣ አትሩጡ።

1. ሙሉ በሙሉ በአንድ ሌላ ሀገር ብቻ የተከበቡ ሦስት ነጻ ሀገራት አሉ። ጥሯቸው።
2. ራሳቸው ወደብ አልባ ሆነው ጎረቤቶቻቸውም በሙሉ ወደብ አልባ የሆኑ ሁለት ሀገራት የትኞቹ ናቸው?
3. ጁን 28 ቀን 1914 እና ጁን 28 ቀን 1919 ምን ሆነ?
4. በ1995 የኮመንዌልዝ አባል የሆነች የቀድሞ የፖርቱጋል ቅኝ ግዛት ማን ናት?
5. በ1961 ንዶላ አቅራቢያ በአውሮፕላን አደጋ የሞተው የተባበሩት መንግሥታት ዋና ጸሐፊ ማን ነው? የየት ሀገር ሰውስ ነበር?
6. በ1948 ጦር ሠራዊቷን የበተነች የመካከለኛው አሜሪካ ሀገር ማን ናት?
7. በ1893 ሴቶች በብሔራዊ ምርጫ ድምፅ እንዲሰጡ የፈቀደችው ሀገር ማን ናት?
8. በ2000 እና በ2016 የአሜሪካ ምርጫ፣ ከሕዝብ ብዙ ድምፅ አግኝተው የተሸነፉት እነማን ናቸው? ለምንስ ተሸነፉ?

መልሶች። 1፦ ሌሶቶ፣ ሳን ማሪኖ፣ ቫቲካን፤ ለእያንዳንዱ አንድ ነጥብ። 2፦ ኡዝቤኪስታንና ሊክተንስታይን። የኡዝቤኪስታን ጎረቤቶች ካዛክስታንና ቱርክሜኒስታን ካስፒያን ባሕር አላቸው የሚል ይመጣል፤ ካስፒያን ከውቅያኖስ ጋር ስለማይገናኝ እንደ ወደብ መውጫ አይቆጠርም፣ ይህን ከማንበባችሁ በፊት ተናገሩ። 3፦ በመጀመሪያው ሳራዬቮ ላይ አርክዱክ ፍራንዝ ፈርዲናንድ ተገደለ፣ በሁለተኛው የቬርሳይ ስምምነት ተፈረመ። አንደኛውን የዓለም ጦርነት የለኮሰው ግድያና ከጀርመን ጋር የተፈረመው የሰላም ውል ልክ በአምስት ዓመታቸው ነው የገጠሙት። 4፦ ሞዛምቢክ። 5፦ ዳግ ሐመርሾልድ፣ ስዊድናዊ። 6፦ ኮስታ ሪካ። 7፦ ኒውዚላንድ። ስዊዘርላንድ በፌዴራል ደረጃ ይህን የፈቀደችው በ1971 ነው ብትሏቸው አዳራሹ ዝም ይላል። 8፦ አል ጎርና ሂላሪ ክሊንተን። ፕሬዚዳንቱን የሚወስነው የሕዝቡ ድምፅ ድምር ሳይሆን ለግዛቶቹ የተከፋፈሉት 538 የመራጮች ጉባኤ ድምፆች ስለሆኑና 270 ማግኘት ግድ ስለሆነ ነው። እዚህ ላይ ሁለቱን ስሞች ብቻ ለጠቀሰ ግማሽ ነጥብ፣ ምክንያቱንም ላስረዳ ሙሉ ነጥብ ስጡ።